«ኧረ አይደለም!»፦ ለጣና ዳር ፈላስፎች የቀረበ ውዳሴ

ባህር ዳር ዩኒቨርሲቲም ኮሌጅም አላት። ትልቁ ትምህርት ቤቷ ግን ታፔላም አጥርም የለውም። ክፍሎቹ ጣና ዳር፣ ዛፍ ጥላ ስር የተደረደሩ የጀበና ቡና ዱካዎች ናቸው። ምዝገባው ክረምት ከበጋ ክፍት ነው። የመግቢያ ፈተናውም ቀላል ነው። ሰው ገና «ዛሬ ሙቀቱ...» ብሎ ሲጀምር «ኧረ አይደለም!» ማለት ከቻሉ አልፈዋል። ሙቀቱ ምን እንደሆነ መስማት አይጠበቅብዎትም።

ፍልስፍናው ረቂቅ ነው። እውነት የሚገኘው ተቃራኒ ሐሳቦች ሲፋጩ ነው ይላሉ። ይህን ማን ይቃወማል? (እነሱ ራሳቸው ካልሆኑ በቀር።) ሶቅራጥስም አቴና አደባባይ ላይ ሰውን በጥያቄ ሲያፋጥጥ የኖረው ለዚሁ ነበር። ምስኪን፣ እሱ ጠይቆ መልሱን ያዳምጥ ነበር። የእኛዎቹ ይህን የጊዜ ብክነት አስቀርተውታል።

በቅርቡ አንድ ጉባኤያቸው ላይ ታድሜ ነበር። ርዕሱ የጣና ጥልቀት ነው። ባለ ኮፍያው ጋሼ «ጣና እኮ ወለል የለውም» ብለው ከፈቱት። ጋቢ የደረቡት ስኒያቸውን ሳያስቀምጡ «ኧረ አይደለም! ወለልማ አለው። መቶ ሜትር ወርደህ ታገኘዋለህ» አሉ። ጥግ ላይ የተቀመጠ አንድ ተማሪ ጉሮሮውን ጠራረገና «ጋሼ፣ በጣም ጥልቅ የሚባለው ቦታ እንኳ 15 ሜትር ቢደርስ ነው» አለ።

ሁለቱ ባላንጣዎች ባንድ አፍታ ታረቁ። አብረው ዞሩበት።

«የየት ልጅ ነህ አንተ?»

«የዘጌ።»

«እሱማ የዘጌ በኩሉ ነው!»

ልጁ ዝም አለ። ይህ ሁሉ ሲሆን አንድ ባለታንኳ ዳር ዳሩን ይዞ ያልፋል። የደንገሉ ታንኳ ግማሹ ውሃ ጠጥቷል። ሰውዬው ቀርከሃውን ወደ ታች ይሰዳል፣ ይገፋል፣ ይመዝዛል። የቀርከሃው ጫፍ በወጣ ቁጥር ጥቁር ጭቃ ያንጠባጥባል። ወለሉን እየነካ የሚኖር ሰው በሃያ እርምጃ ርቀት ላይ እያለፈ ማንም አልጠየቀውም። ትክክል ነው። የሚያውቅ ሰው መጠየቅ ክርክር ያበላሻል።

የትምህርት ቤቱን ልህቀት ያየሁት ግን ከሁለተኛው ስኒ በኋላ ነው። ባለ ኮፍያው ለስለስ አሉና «እንግዲህ ወለል ሳይኖረው አይቀርም» አሉ። ባለ ጋቢው ከዱካቸው ሊነሱ ምንም አልቀራቸውም። «ኧረ አይደለም! ወለሉን ማን አየው?» ሦስተኛው ስኒ ሲቀዳ እያንዳንዳቸው የሌላውን ሐሳብ በሙሉ ልብ ይከላከሉ ነበር። ሁለት ሰዎች ሁለቱንም ወገን ዞረው፣ አንዱም ላይ ሳይገናኙ ቀሩ። ይህን በየትኛው ዩኒቨርሲቲ ታገኛላችሁ?

አዲሱ የአባይ ድልድይ በግንቦት 2016 ሲመረቅ ርዝመቱ 380 ሜትር እንደሆነ ተነግሮ ነበር። ትምህርት ቤቱ አልተቀበለውም። ተነስቶ በእግር መሻገር አምስት ደቂቃ ነው። እሱ ግን የተግባር ትምህርት ስለሆነ በሥርዓተ ትምህርቱ ውስጥ የለም።

አባቶቻችን በዚህ ረገድ ኋላ ቀር ነበሩ ማለት ይቻላል። «በላ ልበልሃ» እያሉ መሟገቱን ያውቁበታል፣ አይካድም። ግን ዳኛ ያስቀምጣሉ። ዋስ ይጠራሉ። አንዱ ሲናገር ሌላው ተራውን ይጠብቃል። ከሁሉም የከፋው፣ በማርና በበቅሎ ይወራረዳሉ። የተረታ ይከፍላል። በቅሎ የሚያስከፍል ከሆነ ሰው አፉን ከመክፈቱ በፊት ያስባል፤ ካሰበ ደግሞ ግማሹን ይተወዋል። የዛሬዎቹ በቅሎዋን ነፃ አውጥተዋል። ሮማ ላይ ደግሞ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን እ.ኤ.አ. በ1587 አንድ ሹም ሰየመች። ሥራው ቅዱስ ሊባል የታጨ ሰው ላይ እንከን መፈለግ ነው። ሕዝቡ «የሰይጣን ጠበቃ» ይለው ነበር። አስቡት፣ ለዚያ ሁሉ ምዕመን አንድ ጠበቃ! እኛ ዘንድ በየዱካው አንዳንድ አለ፣ ያውም ያለ ደመወዝ።

የትምህርት ቤቱ ትልቁ የጥናት መስክ እምቦጭ ነው። አረሙ ጣና ላይ ከታየ ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖታል። «በእጅ ይነቀል።» «ኧረ አይደለም፣ በማሽን!» «ኧረ አይደለም፣ የሚበላው ጢንዚዛ አለ!» ሦስቱም ሐሳብ የየራሱ ቁም ነገር አለው፤ ሦስቱንም አንድ ላይ መሞከር ይቻል ነበር። ያኔ ግን ምን ይወራል? እምቦጩ በበኩሉ ክርክር አይወድም። ከተመቸው በሁለት ሳምንት እጥፍ ይሆናል። ዘሩም ጭቃ ውስጥ ለዓመታት ተኝቶ ይቆያል። በደምቢያና በፎገራ በኩል እስከ ወገባቸው ውሃ ውስጥ ገብተው ሲነቅሉ የከረሙት ገበሬዎች የጉባኤውን ውሳኔ ሳይጠብቁ ነው የጀመሩት። ሥርዓት የሌለው ነገር።

ከዚህ ሁሉ ትምህርት ተጠቃሚ ሆና ያየኋት ቡና አፍዪዋን ብቻ ነው። ጉባኤው ሊበተን ሲል ሒሳብ ተጠየቀች። ሁለቱ ጋሼዎች የጠጡት ስምንት ስኒ ነው። ስኒዎቹን እያለቀለቀች፣ ቀና ሳትል፣ «ሰባት ነው ጋሼ» አለች።

«ኧረ አይደለም!» አሉ ባለ ኮፍያው። «ስምንት ነው እንጂ!»

«ኧረ አይደለም!» አሉ ባለ ጋቢው። «ዘጠኝ ነው!»

«እሺ፣ እንዳሉ ይሁን» ብላ የዘጠኙን ተቀበለች።