«አልተመዘገብኩም» አያስመልጥም

የፌስቡክ ባለቤት ሜታ፣ በፌስቡክ ልጥፎች ሰበብ አባቴ ተገደለብኝ በሚል ልጅ ናይሮቢ ላይ ሲከሰስ፣ ኬንያ ውስጥ ስላልተመዘገብኩ የኬንያ ፍርድ ቤት ሊዳኘኝ አይችልም ብሎ ተከራከረ። የኬንያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት መጋቢት 25 ቀን 2017 ዓ.ም. መቃወሚያውን ውድቅ አድርጎ፣ ጉዳዩን የማየት ሥልጣን አለኝ አለ። ደግ አደረገ። እኔን ያንገበገበኝ መከራከሪያው ራሱ ነው። አባቱ የተገደለበት ልጅ ፊት ቆሞ እንዴት እንዲህ ይባላል?

ፕሮፌሰር መዓረግ አማረ የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ የኬሚስትሪ መምህር ነበሩ። መስከረም 2014 መጨረሻ ላይ ፎቷቸው ከነስማቸው ፌስቡክ ላይ ወጣ። የሚሠሩበት ወጣ። የሚኖሩበትም ወጣ። ልጃቸው ደጋግሞ ሪፖርት አደረገ። ጥቅምት 24 ቀን ቤታቸው ደጃፍ ላይ በጥይት ተገደሉ። ከልጥፎቹ አንዱ ደንባችንን ስለጣሰ ተነሥቷል የሚል መልስ ለልጁ የደረሰው፣ አባቱ ከሞቱ ከስምንት ቀን በኋላ ነው።

ሰውየው የሞቱት ባሕር ዳር፣ ናይሮቢ ምን አገባት? የሚል ይኖራል። የአማርኛውን ልጥፍ ይነሣ ወይስ ይቆይ እያሉ የሚመረምሩት ሠራተኞች የተቀመጡት ናይሮቢ ነበር። በተቋራጭ በኩል መቀጠራቸው ምንም አይለውጥም። ዓይኑን እዚያ ያስቀመጠ ኩባንያ እግሬ እዚያ የለም ሊል አይችልም።

ለመሆኑ መመዝገብ ከመቼ ወዲህ ነው የዳኝነት ቁልፍ የሆነው? የሜታ የገዛ አገር አሜሪካ ይህን ክርክር የዘጋችው እ.ኤ.አ. በ1945 ነው። ኢንተርናሽናል ሹ የሚባል የጫማ ኩባንያ ነበር። ዋና መሥሪያ ቤቱ ሴንት ሉዊስ፣ ሚዙሪ ነው። ዋሽንግተን ግዛት ውስጥ ቢሮ የለውም። እቃ የሚያከማችበትም የለውም። ያሉት ከ11 እስከ 13 የሚሆኑ ሻጮች ናቸው። ለናሙና የሚይዙት ደግሞ የአንድ እግር ጫማ ብቻ ነው። ግራው ካለ ቀኙ የለም። ትእዛዝ ተቀብለው ወደ ሴንት ሉዊስ ይልካሉ፤ ጫማው ጥንድ ሆኖ ከውጭ ይመጣል። ግዛቲቱ ለሥራ አጦች ፈንድ የሚገባውን መዋጮ ክፈል ስትለው፣ እኔ እዚህ የለሁም አለ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አልተቀበለውም። እዚህ ገበያ ካለህ፣ ከዚያ ገበያ ለሚመጣው ጣጣም እዚሁ ትጠየቃለህ ነው የፍርዱ መንፈስ። እ.ኤ.አ. በ2021 ደግሞ ፎርድ ሞንታና ውስጥ በደረሰ የመኪና አደጋ ሲከሰስ፣ መኪናዋን መጀመሪያ የሸጥኳት ሌላ ግዛት ነው ብሎ ነበር። አልሆነለትም። የተሰየሙት ዳኞች አንዳቸውም ከጎኑ አልቆሙም።

የአንድ እግር ጫማ ባለቤቱን ካስዳኘበት አገር የወጣ ኩባንያ ነው እንግዲህ ኬንያን የለሁም የሚላት! ኢስሊ በሚባለው የናይሮቢ ሰፈር ያለ ልብስ ነጋዴ ገጹን ቡስት ለማድረግ ይከፍላል። ማስታወቂያው ናይሮቢ ውስጥ ላሉ ደንበኞቹ ስልክ ላይ ይወጣል። ያ ገንዘብ ሲገባ ተመዝግቤያለሁ ወይ ብሎ የጠየቀ የለም። ሲከፈለው አለ፣ ሲጠየቅ የለም። ይህ የሕግ ክርክር ሳይሆን ዓይን ያወጣ ሽሽት ነው።

ኢንቨስተር ይሸሻል የሚለው ማስፈራሪያም አይሠራም። በሚሊዮን የሚቆጠር ተጠቃሚ ጥሎ የሚሄድ ነጋዴ አላየሁም።

ሥልጣን አለኝ ማለት ጥፋተኛ ነህ ማለት እንዳልሆነ አውቃለሁ። ክርክሩ ገና ነው። ሜታ ንጹሕ ነኝ የሚል ከሆነ ወደ ፍሬ ነገሩ ይግባ። ልጁ ሪፖርት ሲያደርግ ማን አየው? ስንት ቀን ቆየ? ለምን? እነዚህን ናይሮቢ ችሎት ፊት ቆሞ ይመልስ።