ስክሪፕት የለውም ያለው ማነው?

«ተዋንያኑ አፋቸው ላይ የመጣውን ይቀባጥራሉ፤ ይህን ማንም ይሠራዋል።» ሰሞኑን አንድ የፊልም ሃያሲ በኤፍኤም ራዲዮ በ2008 እ.ኤ.አ. ስለወጣው የአሜሪካ ኮሜዲ ፊልም «ስቴፕ ብራዘርስ» የተናገረው ነው። ስክሪፕት እንኳ የለውም፣ ጊዜው አልፎበታል ሲልም ጨመረ።

ማንም ይሠራዋል? እስቲ ይሥራው!

ሲጀመር ስክሪፕት አለው። ዋና ተዋናዩ ዊል ፌረልና ዳይሬክተሩ አዳም መኬይ ቁጭ ብለው ጽፈውታል። ታሪኩን ሲያወጡ ሌላው ዋና ተዋናይ ጆን ሲ ራይሊም አብሯቸው ነበር። የተጻፈው ይቀረጻል፤ ከዚያ መኬይ ከካሜራው ጀርባ ሆኖ አዳዲስ ንግግር ይወረውርላቸዋል። ይህን የተማረው ቺካጎ ውስጥ፣ ያለ ስክሪፕት እዚያው እየፈጠሩ በሚጫወቱበት የኮሜዲ መድረክ ላይ ነው። እዚያ የመጀመሪያው ሕግ ባልደረባህን መስማት ነው። ያለውን ተቀብለህ ትጨምርበታለህ። የሚቀባጥር ሰው መቼ ይሰማል?

ትልቁ ነገር ግን ትወናው የቁም ነገር መሆኑ ነው። ፌረልና ራይሊ የሚጫወቷቸው ሁለቱ ጎረምሶች 39 እና 40 ዓመታቸው ነው፤ ከወላጆቻቸው ቤት አልወጡም። የአንዱ እናትና የሌላው አባት ሲጋቡ አንድ መኝታ ቤት ይጋራሉ። ተደራራቢ አልጋ ለመሥራት ወላጆቻቸውን ሲያስፈቅዱ ፊታቸውን እዩ። ብድር የሚለምን ሰው እንኳ እንዲህ አይለማመጥም። ክፍሉ ስንት ቦታ እንደሚተርፈው ከልባቸው ያስረዳሉ። ሌሊት የላይኛው አልጋ ተደርምሶ ታች የተኛው ላይ ያርፋል። «ቀልድ እኮ ነው» የሚል ፊት አንዳቸውም አያሳዩም።

በዚያ ላይ አባትየው ሪቻርድ ጄንኪንስ ነው። በዚያው በ2008 እ.ኤ.አ. በታየ ሌላ ፊልም ለኦስካር ታጭቷል። እናትየዋ ሜሪ ስቲንበርገን ኦስካር ወስዳለች። እነዚህ ሁለቱ የሚሠሩት የቤተሰብ ድራማ ነው። ልጆቹ ሲያብዱ የእነሱ ትዳር ይፈርሳል። ሕመሙ የእውነት ስለሆነ ነው ሳቁ ያላረጀው። አባትየው ልጅ ሳለ ዳይኖሰር መሆን ይመኝ እንደነበር ለሁለቱ የሚነግራቸውን ቦታ ያየ ሰው፣ ፊልሙ ስለ ምን እንደሆነ አይጠፋውም።

አልፎ አልፎ የሚንዛዛ ትዕይንት አለው፤ ይሁን።

የሚያናድደኝ ሌላ ነው። ያው መኬይ ስለ 2008ቱ የባንኮች ቀውስ ፊልም ሲሠራ በስክሪፕቱ ኦስካር ተሸለመ። ያኔ ሃያሲው ሁሉ «በሰለ» አለው። ሰውየው ግን ድሮም የበሰለ ነበር። የባንኩ ፊልም መነሻ መጽሐፍ ነበረው። አርባ ዓመት የሞላው ሰው አልጋ ላይ ሲጨቃጨቅ አሥርና ሃያ ዓመት ሙሉ ማሳቅ ግን ምንም መደገፊያ የለውም፤ ለእኔ ከባዱ ሥራ እሱ ነው።