ይድረስ ለደጃፋችን ቦይ ሽታ፤ ባሉበት

ጉዳዩ፦ ያለ ፈቃድ በአፍንጫችን በኩል ወደ አንጎላችን መግባትዎን ይመለከታል

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። ጤንነትዎን አልጠይቅም፤ ዛሬ የግቢውን በር እንደከፈትኩ ከእኔ በላይ ደኅና መሆንዎን አረጋግጫለሁና። ከቀፊራ ገበያ ብዙም በማይርቀው ሠፈራችን፣ ክዳኑ በተሰበረው ቦይ ውስጥ፣ ያለ ኪራይና ያለ ግብር ከተቀመጡ እነሆ ሁለት ዓመት ከመንፈቅ ሆነዎት። በዚህ ጊዜ ውስጥ የጎረቤት ልጆች ተድረዋል፣ ተከራዮች መጥተው ሄደዋል፣ ክዳኑን እናሠራለን ያሉን ሰዎችም ሦስት ጊዜ ለክተው ተመልሰዋል፤ እርስዎ ግን ከቦታዎ ንቅንቅ አላሉም።

እኔም ከሚመለከተው ክፍል መልስ ባጣሁ ጊዜ፣ ቢያንስ በምን በኩል እንደሚገቡብኝ ልወቅ ብዬ መንገድዎን አጠናሁ። መጀመሪያ የተረዳሁት እርስዎ እንደ ድምፅ ያለ ሞገድ ሳይሆኑ ቁስ መሆንዎን ነው። ሰው ሸተተኝ ሲል፣ ከዚያ ቦይ የተነሣ ጥቃቅን ነገር በአፍንጫው ገብቶ አፍንጫውን የሚያረጥበው ፈሳሽ ውስጥ ሟሟ ማለቱ ነው። ይህን ለባለቤቴ ምሳ ላይ መንገሬ ስሕተት ነበር፤ ሳህኑን ገፋ አድርጋ የተመለከተችኝን አመለካከት እስካሁን አልረሳሁትም።

ሙቀት ደግሞ ወዳጅዎ ነው። ፈሳሽ በሞቀ ቁጥር በውስጡ ያለው ሽታ አዘል ነገር ወደ አየር የሚተንበት ፍጥነት ስለሚጨምር፣ ከቀኑ ስድስት እስከ ዘጠኝ ሰዓት፣ የድሬ ሰው ሽርጡን አገልድሞ ጥላ በሚፈልግበትና ሱቆች በሚዘጉበት ሰዓት፣ እርስዎ ሥራ ይገባሉ። በከተማው በዚያ ሰዓት በትጋት የሚሠራ ሌላ አካል አላውቅም።

ከአፍንጫ ቀዳዳ በኋላ የሚያደርጉት ጉዞ ግን፣ እውነቱን ለመናገር፣ ያስቀናል። ከአፍንጫ ጣሪያ ላይ፣ ከቴምብር እምብዛም በማይበልጥ ስፍራ፣ በሚሊዮን የሚቆጠሩ የነርቭ ሕዋሳት ይጠብቁዎታል። ሰው ወደ 400 የሚጠጉ የሽታ ተቀባይ ዓይነቶች ሲኖሩት፣ እያንዳንዱ ሕዋስ ከእነዚህ አንዱን ዓይነት ብቻ ይይዛል። አንድ ተቀባይ ብዙ ዓይነት ቅንጣት ያውቃል፣ አንድ ቅንጣትም ብዙ ተቀባዮችን ይነካል፤ የእርስዎ ማንነት የሚነበበው እንግዲህ ከጥምረቱ ነው። የእነዚህን ተቀባዮች ዘረ መሎች በ1991 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ይፋ ያደረጉት ሊንዳ በክና ሪቻርድ አክስል በ2004 የኖቤል ሽልማት ተሸልመውበታል። ሽታ እንዴት እንደሚሸት ላወቀ ሽልማት ሲሰጥ፣ ሽቶት ለኖረ ሠፈር አንድ የቦይ ክዳን መነፈጉን በትሕትና አስመዘግባለሁ።

የእነዚህ ሕዋሳት ክሮች እንደ ወንፊት በተበሳሳ ስስ አጥንት አልፈው፣ ከአንጎል ሥር ወዳሉት ሁለት ትንንሽ አንጓዎች ይደርሳሉ። ሐኪሞች ኦልፋክተሪ በልብ ይሏቸዋል። ትርጉሙ እንደ ሽንኩርት ያለ ራስ ማለት ነው ቢሉኝም፣ እኔ በአማርኛው ሰምቼ ተስማምቶኛል፤ እርስዎን የያዝኩዎት በልብ ነውና።

ይህ በልብ በመሥሪያ ቤት ቋንቋ መዝገብ ቤት ነው። በአፍንጫ ጣሪያ ላይ ተበታትነው የሚኖሩ፣ አንድ ዓይነት ተቀባይ የያዙ ሕዋሳት ሁሉ መልእክታቸውን የሚልኩት ለእነርሱ ወደተመደቡ ጥቂት የነርቭ ቋጠሮዎች ብቻ ነው፤ የአንዱ ፋይል ከሌላው አይደባለቅም። ከቋጠሮዎቹ መልእክቱን ተረክበው ወደ ላይ የሚያደርሱት፣ የጳጳስ ቆብ ስለሚመስሉ ማይትራል የተባሉ ሕዋሳት ናቸው። በአጠገባቸው ደግሞ ሥራቸው ዝም ማሰኘት ብቻ የሆነ ሌሎች ሕዋሳት አሉ፤ ጎልቶ የተናገረው ይበልጥ እንዲሰማ፣ ከጎኑ የሚያጉተመትመው እንዲያርፍ ያደርጋሉ፤ በዚህም ተቀራራቢ ሽታዎች ተለይተው ይታወቃሉ። ሁለት ጊዜ ያስገባሁት ማመልከቻ እንዲህ ባለ መዝገብ ቤት ቢያልፍ ኖሮ ሁለት ጊዜ ባልጠፋ ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው ግን በቀጥታ በዘመድ መግባት ነው። ዓይንና ጆሮ ያመጡት ጉዳይ ወደ ላይኛው የአንጎል ክፍል ከመድረሱ በፊት ታላመስ በሚባለው በኩል ያልፋል፤ ደጅ ይጠናል ማለት ነው። እርስዎ ግን ታላመስን ሳያስፈቅዱ፣ ከበልብ ተነሥተው ስሜት ወደሚቀሰቀስበት ወደ አሚግዳላና ወደ ትዝታ ጎረቤት ይዘልቃሉ። ልጅ ሳለሁ አያቴ ከቀፊራ ይዘውልኝ የሚመጡትን የበሰለ ዘይቱን ሽታ ባገኘሁ ቁጥር፣ የነጠላቸው ጫፍ ላይ የታሰረችው ቋጠሮ፣ ቋጠሮውን ሲፈቱ ጣታቸው ላይ የምትታየው የብር ቀለበት ሳይቀር ትመጣብኝ ነበር። ካለፈው ዓመት ወዲህ ዘይቱን ሻጯ ጥላ ፍለጋ ወደ ቦዩ አጠገብ ስለተዛወረች፣ ሁለታችሁን አብሬ ስስብ ከረምኩ። አሁን ሌላ ሠፈር እንኳ ዘይቱን ሲሸተኝ ከአያቴ ቀድመው የሚመጡት እርስዎ ነዎት። ከበደልዎ ሁሉ ይቅር የማልለው ይህን ነው።

በነገራችን ላይ፣ በአጥራችን ላይ ያለችው የጃስሚን ሐረግና እርስዎ ዝምድና እንዳላችሁ ሳውቅ ደንግጫለሁ። ኢንዶል የሚባለው ውሕድ በጥቂቱ ሲሆን የአበባ፣ ሲበዛ የዓይነ ምድር ሽታ አለው፤ በሁለታችሁም ቤት ይገኛል። ለጃስሚኗ እስካሁን አልነገርኳትም።

አሁን ወደ ዋናው ክሴ ልምጣ። ባለፈው ጥር አክስቴ ከሐረር መጡ። ገና ከባጃጅ ሳይወርዱ ነጠላቸውን አፍንጫቸው ላይ ጣል አድርገው፣ «አቦ አንተ ልጅ፣ እዚህ ደጅ ምን ሞቷል?» አሉኝ። እኔም ከልቤ፣ «የቱ ጋ እትዬ?» አልኳቸው። ለካስ አፍንጫ ሳይለወጥ በሚቆይ ሽታ በደቂቃዎች ውስጥ ይሰለቻል፤ ተቀባዮቹ ይለዝባሉ፣ አንጎልም አዲስ ነገር የለም ብሎ ፋይሉን ይዘጋል፣ ለወራት አብሮ ለኖረ ሽታ ደግሞ ዳግም ለመክፈት አይቸኩልም። ይህንኑ በዓይኔ ያየሁት ፊርማ ለማሰባሰብ በዞርኩ ጊዜ ነው። ከቦዩ ርቀው በመንገዱ ማዶ የሚኖሩት ሁሉ ፈረሙ፤ ከቦዩ ጋር ግድግዳ የሚጋሩት ሁለት ቤቶች ግን፣ «የምን ሽታ? ሰው አታስቀይም» ብለው መለሱኝ። አንደኛው ባለቤት ይህን ሲሉኝ ወንበራቸውን ክዳኑ በተሰበረበት ላይ ዘርግተው ሻይ ይጠጡ ነበር።

አንድ ነገር ግን ያለ ቀልድ ልበል። የበሰበሰ እንቁላል የሚሸተው ሃይድሮጂን ሰልፋይድ በጣም ጥቂት ሳለ እንኳ ይታወቃል፤ በዝግ ጉድጓድ ውስጥ ከአየሩ ሚሊዮን እጅ 100 እጅ ገደማ ሲደርስ ግን ማሽተትን ራሱን ያደነዝዛል። ጉድጓድ ለመጥረግ የገባ ሰው ሽታው ጠፋ ብሎ የሚደሰትበት ቅጽበት የሚገድለው ሊሆን ይችላል። እርስዎ በሜዳ ስለሚኖሩ በዚህ አልከስዎትም።

ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ሐረር ሦስት ቀን ሰንብቼ እንደተመለስኩ ነው። የጀጎልን አየር ለምጄ ስመጣ ከበሩ ላይ በሙሉ ክብርዎ ተቀበሉኝ፤ እኔም አፍንጫዬ ሳይለምድዎ ክሴን ልጨርስ ብዬ ሻንጣዬን እንኳ ሳልፈታ ደረጃው ላይ ተቀምጬ መጻፍ ጀመርኩ። የመጀመሪያውን ገጽ የጻፍኩት አፍንጫዬን በግራ እጄ ይዤ ነው። ሁለተኛው ላይ ለቀቅኩት። አሁን ሦስተኛው ላይ፣ የአድራሻዎን ትክክለኛነት ለማረጋገጥ ብዕሬን አስቀምጬ እስከ ቦዩ አፍ ሄድኩና በረጅሙ ሳብኩ፤ ምንም የለም። ስለዚህ አክስቴ ለፋሲካ እስኪመጡ ድረስ የክሱ መዝገብ በቀጠሮ እንዲቆይልኝ እጠይቃለሁ።

ከማክበር ሰላምታ ጋር
የቦዩ ማዶ ነዋሪ፣ ድሬዳዋ

ግልባጭ፦ ለዘይቱን ሻጯ