ሐንስሊክ የዋግነር ጠላት ብቻ አልነበረም

ስለ ቪየናው የሙዚቃ ሐያሲ ኤድዋርድ ሐንስሊክ ያወጣችሁትን ጽሑፍ ወድጄዋለሁ። ግን ሰውየውን የጀርመናዊው የኦፔራ ደራሲ የዋግነር ጠላት ብቻ አድርጋችሁ ማቅረባችሁ ቅር አሰኝቶኛል። እ.ኤ.አ. በ1846 ገና ወጣት የሕግ ተማሪ እያለ የዋግነርን «ታንሆይዘር» የተባለ ኦፔራ አሞግሶ ረጅም ሂስ የጻፈው እኮ እሱው ነው! ሐሳቡን የለወጠው ኋላ ነው። በ1854 ባሳተመው መጽሐፍ የሙዚቃ ውበት ያለው እዚያው በድምፆቹ አካሄድ ውስጥ ነው ብሎ ተከራከረ። ሙዚቃን በሚቀሰቅሰው ስሜት መለካት አልተዋጠለትም። የሙዚቃ ደራሲውን ብራምስን የደገፈውም ከዚሁ ተነስቶ ነው። ብራምስም በፋንታው የፒያኖ ዋልሶቹን፣ ኦፐስ (የሥራ ቁጥር) 39ን፣ ለእሱ አበርክቶለታል። እርግጥ በ1881 የሩሲያዊው የሙዚቃ ደራሲ የቻይኮቭስኪ ቫዮሊን ኮንቸርቶ (ለቫዮሊንና ለኦርኬስትራ የተጻፈ ሥራ) ቪየና ላይ ሲቀርብ ሙዚቃው ይሸታል እስከማለት መድረሱ ከልክ ያለፈ ነው። እዚህ ላይ አልከራከርለትም። እባካችሁ በሚቀጥለው ስለ መጽሐፉ ሰፋ አድርጋችሁ ጻፉልን።