የዶርዜ አስጎብኚ አስተርጓሚ አይደለም

«አማርኛ ለሚሰማ ሰው አስጎብኚ ምን ይሠራለታል?»

ይህን ያሉት ባለፈው ሳምንት በአንድ የሬዲዮ ውይይት የቀረቡ የጉዞ ድርጅት ባለቤት ናቸው። የተነሳው ጉዳይ የዶርዜ የቀን የእግር ጉዞ ነበር። ከአርባ ምንጭ ወጥቶ የጋሞን ደንና መንደር በእግሩ የሚያይ የአገር ውስጥ ጎብኚ «የአካባቢ አስጎብኚ ያዝ» ሊባል አይገባም ነው የሚሉት። ፈረንጅ ይክፈል፣ እኛ ግን በገዛ አገራችን ለምን? መንገዱንም ቢሆን ስልክ ያሳያል። አዘጋጁ «ትክክል ነው» ብሎ ወደ ማስታወቂያ ገባ።

ትክክል አይደለም። ሦስቱም ትክክል አይደሉም።

ከቋንቋው ልጀምር፤ በጣም ያናደደኝ እሱ ነው። የዶርዜ ሰው ቤቱ ውስጥ የሚያወራው አማርኛ አይደለም። የራሱ ቋንቋ አለው። ሽሮ ሜዳ ኖሮ የተመለሰ ሸማኔ አማርኛውን ከማናችንም እኩል ያወራል። ተማሪ ልጆችም ይችላሉ። ጓሯቸው ውስጥ እንሰት የሚፍቁት እናት ግን ከአዲስ አበባ ለመጣ እንግዳ በአማርኛ የማስረዳት ዕዳ የለባቸውም። ሰው እየጫነ ዶርዜ የሚያወርድ ነጋዴ ይህን ካላወቀ፣ እስከ ዛሬ ምን ሲሸጥ ነበር?

ቋንቋው ቢገጥምስ? እስቲ ያየሁትን ልንገራችሁ።

የዛሬ ሁለት ዓመት ከመሥሪያ ቤት ጓደኞቼ ጋር ስድስት ሆነን ሄድን። አርባ ምንጭ 1,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት። ትሞቃለች። ዶርዜ 2,500 ሜትር ላይ ነው። በዚያ ጠመዝማዛ መንገድ ስንወጣ ቲሸርት የለበሰው ሁሉ ጃኬት ፍለጋ ቦርሳውን መበርበር ጀመረ። ቁልቁል ስታዩ አባያ ቀላ ብሎ፣ ጫሞ ሰማያዊ ሆኖ፣ መሐላቸው የእግዜር ድልድይ የሚባለው ቀጭን መሬት ተጋድሞ ይታያል። እዚህ ድረስ አስጎብኚ አያስፈልግም፤ እስማማለሁ። ዓይን ይበቃል።

ከመኪና ወርደን በእግር ስንጀምር ነው ነገሩ የተለወጠው። አስጎብኚያችን ሃያዎቹ መጨረሻ ላይ ያለ የዚያው መንደር ልጅ ነው። አንድ ሰዓት ያህል እንደሄድን፣ በእንሰትና በገብስ ማሳ መሐል ድንገት ጥቅጥቅ ያለ ደን መጣ። ግንዳቸው ለሁለት ሰው እቅፍ የሚከብድ ዛፎች። አንዱ ጓደኛችን ፎቶ ሊነሳ ዘው ሊል ሲል ልጁ ክንዱን ያዘው። ጮክ አላለም። «እዚህ አይገባም» ብቻ ነው ያለው።

አጥር የለም። ዘበኛ የለም። «መግባት ክልክል ነው» የሚል ታፔላም የለም። ግን ያ ደን የተቀደሰ ነው። በጋሞ ተራሮች ላይ እንዲህ ያሉ ደኖች ብዙ ናቸው። የአገር ሽማግሌዎች የሚጸልዩባቸው፣ ቅርንጫፍ የማይቆረጥባቸው ደኖች ናቸው። ያንን የጣሰ «ጎሜ» ይይዘዋል። ጎሜ ማለት ነውርን መተላለፍ ነው፤ መዘዙ ለጣሰው ሰው ብቻ ሳይሆን ለቤተሰቡም፣ ለእህሉም፣ ለዝናቡም የሚተርፍ ነው ብለው ያምናሉ። እናንተ ላታምኑ ትችላላችሁ። እኔ ግን አንድ ነገር አይቻለሁ። ዙሪያው ታርሶ ዛፎቹ ቆመዋል። ስንት በመንግሥት ጥበቃ ሥር ያለ ደን ከሰል ሆኖ ባለቀበት አገር ያንን ደን ያቆመው ይህ እምነት ነው። ሌላ ምክንያት ያለው ይምጣና ያስረዳኝ።

ስልኬን አውጥቼ ካርታውን አየሁት። አረንጓዴ ነጠብጣብ ነው። በቃ። አረንጓዴ ነጠብጣብ ጎሜ አይልም። ክንድም አይዝም። ያን ቀን ያ ልጅ ባይኖር ስድስት የአዲስ አበባ ሰዎች ሰው ከነጫማው የማይደፍረው ቦታ ገብተን፣ ዛፍ ላይ ተንጠላጥለን፣ ፎቶ ተነስተን፣ ለጥፈንም ነበር። በአማርኛ።

እዚያው ዳር ቆመን ልጁ ጎንበስ ብሎ ሣር ነጨ። «ይቺን ታውቃላችሁ?» አለን። ዝም አልን። «በ2011 አርባ ምንጭ ላይ» ሲለን ሁላችንም ትዝ አለን። መስከረም ላይ ቡራዩ ውስጥ ጋሞዎች መገደላቸው ሲሰማ፣ አርባ ምንጭ ላይ ወጣቱ በንዴት ለበቀል ሊወጣ ነበር። የጋሞ አባቶች እርጥብ ሣር ይዘው ፊቱ ተንበረከኩ። ወጣቱ ተመለሰ። ያንን ምስል ያላጋራ ሰው አልነበረም። እኔም አጋርቻለሁ፣ እንባዬም መጥቶ ነበር። ሣሩ ግን ምን ማለት እንደሆነ የገባኝ ከዓመታት በኋላ በዚያ ደን ዳር ነው። ሣር ተይዞ ሲለመን አልሰማም ማለት ራሱ ነውር ነው አለን። ሽማግሌዎቹ ያን ቀን የተማመኑት በግለሰብ ክብራቸው ብቻ አልነበረም። ወጣቱ ከልጅነቱ ጀምሮ ዱቡሻ ላይ፣ አደባባዩ ላይ፣ ይህን ሲያይ አድጓል። ይህን የትኛው ስልክ ይነግረኛል?

ከዚያ መንደር ገባን። ልጁ አጥር ላይ ቆሞ በቋንቋቸው ተጣራ። ቆየ። እኛንም አቆየን። ውስጥ ያሉት ትልቅ እናት መሬት ተቀምጠው የእንሰቱን ገላ ጣውላ ላይ ዘርግተው፣ በአንድ እግራቸው ጫፉን ረግጠው፣ በተሰነጠቀ ቀርከሃ ይፍቁ ነበር። ነጩ ውኃ በጣውላው እየወረደ እንሰት ቅጠል ላይ ይጠራቀማል። እጃቸውን ጠራርገው ተነሱና የሆነ ነገር አሉት። ልጁ ዞረና «ግቡ ብለዋል። ሥራ ላይ እያሉ ግን ፊታቸውን ፎቶ እንዳታነሱ» አለን። ካሜራው ሁሉ ወረደ። ያ ልጅ በዚያች ቅጽበት ምን ሠራ? ለእኛ ከተረጎመው ይልቅ ለእሳቸው የጠበቀላቸው ይበልጣል። እንግዳው የማን ቤት እንዳለ አሳወቀው። ባለቤቷም እምቢ ማለት የሚችሉበትን ዕድል ሰጣቸው።

ያ እንሰት ለመድረስ ዓመታት ይፈጃል። ተፍቆ ጉድጓድ ውስጥ ተቀብሮ ከርሞ ነው ቆጮ የሚሆነው። ትኩሱን ከዳጣና ከማር ጋር በላን። ቤታቸው ከተሰነጠቀ ቀርከሃ የተሠራ ነው፤ ከፊት ስታዩት የዝሆን ፊት ይመስላል። እንዲህ ያለው ቤት አዲስ ሲሆን እስከ 12 ሜትር ይደርሳል። ምስጥ ከሥር ሲበላው የተበላው ይቆረጣል፣ ቤቱም ያጥራል። ስለዚህ አጭሩ ቤት አሮጌው ነው። ቦታው ካልተስማማው ሰው ተሰብስቦ ተሸክሞ ያዛውረዋል። እኔ ብቻዬን ብሄድ ኖሮ አጭሩን አይቼ «ይሄኛው የድሃ ቤት ነው» ብዬ እመለስ ነበር። ለሰውም አወራ ነበር።

አሁን ወደ «የገዛ አገራችን» ልምጣ። ይህን ቃል ስሰማ ደሜ ይፈላል። የገዛ አገራችን ካልን፣ ዶርዜ የሚለውን ስም ስንት ዓመት ለስድብ እንደተጠቀምንበት አብረን እናንሳ። ለጥምቀትና ለእንቁጣጣሽ ሽሮ ሜዳ ሄደን ጥበቡን እንገዛለን። ዓመቱን ሙሉ ደግሞ «ሸማኔ» እያልን የሸማኔውን ልጅ ለጋብቻ እንንቅ ነበር። ያ ሰው ጉድጓዱ ውስጥ እግሩን ሰድዶ፣ መወርወሪያውን ከግራ ቀኝ ሲልክ ውሎ፣ ለመስቀል ደግሞ ያጠራቀመውን ይዞ «ዮ መስቀላ» ለሚሉት በዓላቸው ወደ ተራራው ይወጣል። ሲያለብሰን የኖረ ሰው አገሩን ሊያሳየኝ ቀኑን ሙሉ አብሮኝ ሲጓዝ የቀን ሥራውን ዋጋ መከልከል ምን ዓይነት የአገር ልጅነት ነው? የአገሬ ሰው ከሆነ ከፈረንጁ ቀድሜ ልከፍለው የሚገባኝ እኔ ነኝ።

ገንዘቡ እንደማይወጣ ደግሞ አትሸንግሉን። ወደ ዶርዜ የወጣ ሰው ሁሉ ያውቃል። በየመታጠፊያው ልጆች አስፋልት ዳር እየጨፈሩ፣ እግራቸውን እየዘረጉ፣ እየተገለባበጡ መኪና ያስቆማሉ። አስጎብኚ ላለመያዝ የተከራከረው ያው ሰው መስኮቱን ዝቅ አድርጎ ብር ይወረውራል። ልጁ መኪናው ፊት እየሮጠ ያነሳል። ለተማረው፣ ለሰለጠነው፣ ተጠያቂ ለሆነው ወጣት ያልተከፈለው ብር ነው እንግዲህ ልጁን ከትምህርት ቤት አስቀርቶ መታጠፊያ ላይ የሚያቆመው። ልጆቹ እንዳይጨፍሩ የሚፈልግ ሰው ለታላቅ ወንድማቸው ሥራ ይስጥ።

አስቸጋሪ አስጎብኚ የለም አልልም። ዋጋ የሚቆልል አለ፤ መኪና ከብቦ የሚያዋክብም አለ። መፍትሔው ዋጋው ታፔላ ላይ ተጽፎ እንዲለጠፍ፣ ተራ እንዲኖርና ደረሰኝ እንዲሰጥ ማድረግ ነው። አጭበርባሪ ባለታክሲ ስላለ ታክሲ ይጥፋ የሚል ሰው እስካሁን አላየሁም።

ሌላ ቦታ እኮ ይህ ክርክር የለም። ሰሜን ተራሮች ስትሄዱ ደባርቅ ላይ ተመዝግባችሁ፣ ስካውት የሚባለውን የፓርኩን ጠባቂ ይዛችሁ ነው ፓርኩ የምትገቡት። «አገሬ ነው፣ ስካውት አልፈልግም» ብሎ ሬዲዮ ላይ የሚወጣ የለም። እዚያ ዝንጀሮና ዋልያ አለ፣ እነሱን ሰው ማክበር አለበት እንላለን። ዶርዜ ላይ ያለው ሰው ነው። ለዋልያ የምንሰጠውን ጥንቃቄ ለሰው የምንነፍግበት ምክንያት አይገባኝም።

በዚያ ውይይት ላይ ሦስት እንግዶች ነበሩ። አንዱም ከጋሞ አልነበረም። ስለ ዶርዜ አንድ ሰዓት ሙሉ ሲወራ ከዶርዜ አንድ ሰው በስልክ እንኳን አልገባም። አዘጋጁ የሚቀጥለውን ፕሮግራም ሲያሰናዳ ከአስጎብኚዎቹ አንዱን ይጋብዝ። አማርኛ ይችላል።