የአፈወርቅ መስታወት እና የጃንሆይ ፖለቲካ

ከብሔራዊ ቤተ መንግሥት ፊት ለፊት የቆመውን አፍሪካ አዳራሽ አብዛኛው የአዲስ አበባ ሰው የሚያውቀው ከታክሲ መስኮት ነው። ውስጥ ያለውን የሎሬት አፈወርቅ ተክሌን ባለቀለም መስታወት ደግሞ በፎቶ። ወሬው ሲነሳም «እንዴት ያምራል!» ተብሎ ይታለፋል። ያምራል፣ ማን ካደ? እኔን የሚገርመኝ ግን ፖለቲካው ነው።

እስቲ ጊዜውን አስቡት። ታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. የእነ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ መፈንቅለ መንግሥት ከሸፈ። ሁለት ወር ሳይሞላ ጃንሆይ፣ ጣሊያናዊው አርቱሮ መዘዲሚ የነደፈውን ይህን አዳራሽ ለተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን መርቀው ከፈቱ። አገር ቤት ዙፋናቸው በተነቃነቀ ማግስት፣ እዚሁ ከተማቸው ውስጥ ለአህጉሩ አባት ሆነው ቀረቡ።

አፈወርቅ ያኔ ገና 30 ዓመት አልሞላውም። 150 ካሬ ሜትር በሚሆን መስታወት ላይ፣ በሦስት ከፍሎ፣ የአፍሪካን ያለፈ ሐዘን፣ ትግሏንና የነገ ተስፋዋን ሠራ። ታዲያ ችቦ ይዘው ከፊት የቆሙት እነማን መሰሏችሁ? የአገር ልብስ የለበሱ ኢትዮጵያውያን ቤተሰቦች! «የምንመራው እኛ ነን» ማለት እኮ ነው። ፕሮፓጋንዳ ነው ካላችሁኝ አልከራከርም።

ግን ሥራው ካሳዘዘው ሰው ዕድሜ በላይ ቆየ። ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ቻርተር የተፈረመው እዚሁ ነው፣ በ32 አገሮች። ከዚያ በፊት የአፍሪካ መንግሥታት የካዛብላንካ ቡድን፣ የሞንሮቪያ ቡድን እየተባባሉ ተኮራርፈው ነበር፤ የጋናው ንክሩማ አሁኑኑ አንድ መንግሥት እንሁን ይላል፣ ሌላው ቀስ እንበል ይላል። ሁሉም ያለ ጭቅጭቅ የተስማሙበት ቅኝ ግዛት ይውጣልን የሚለው ነበር። የመስታወቱ ርዕስም እሱው ነው፦ «የአፍሪካ ፍጹም ነፃነት»። ያኔ አንጎላ ነፃ አልወጣችም፣ ሞዛምቢክም፣ ዚምባብዌም። ደቡብ አፍሪካ እስክትደርስ፣ በፈረንጆቹ 1994 መሆኑ ነው፣ መስታወቱ ከ30 ዓመት በላይ ጠበቀ። አፈወርቅም ይህን አይቶ ነው ያረፈው።

አዳራሹ በብዙ ሚሊዮን ዶላር ታድሶ ጥቅምት 2017 ዓ.ም. እንደገና ተከፍቷል። ጥሩ ነው፣ ግን ለስብሰባ ብቻ ከሆነ ምን ዋጋ አለው? ተማሪ ጭነው ወደ አንድነት ፓርክ የሚወጡ አውቶቡሶች በዚያው መንገድ ነው የሚያልፉት። ልጆቹን አውርዷቸው። «ያምራል» ብላችሁ ብቻ እንዳታስወጧቸው፣ ችቦውን ለምን እኛ እንደያዝነው ራሳቸው ይጠይቁ።