ሞክሼውን ያላየ አገር

አለቃውን ደስ ለማሰኘት ልጁን በአለቃው ስም የሰየመ ሰው አውቃለሁ። አለቃው በዝውውር ሄደ፤ ስሙ ልጁ ላይ ቀረ። ፊሊፒንስ በተነሣች ቁጥር ትዝ የሚለኝ ያ ልጅ ነው።

ቀድሞ የደረሰው ለስፔን ንጉሥ ያደረው ፖርቱጋላዊ መርከበኛ ማጄላን ነበር፤ በፈረንጆቹ 1521። የበዓሉን ቀን ቆጥሮ «የቅዱስ አልዓዛር ደሴቶች» አላቸው። ከሞት በተነሣው ሰው ስም በሰየማቸው በስድስት ሳምንት ገደማ፣ ማክታን በምትባል ደሴት ላይ ከአገሬው አለቃ ከላፑላፑ ሰዎች ጋር ገጥሞ ሞተ። እርሱ አልተነሣም።

ከ22 ዓመት በኋላ ቪላሎቦስ የሚባል የስፔን መርከበኛ ከሜክሲኮ መጣ። ይህ ሰው ጥንቁቅ ነው፤ ቅዱሳን ሹመት እንደማይሰጡ ያውቃል። ከደሴቶቹ አንዷን፣ ሚንዳናኦን፣ በንጉሡ በካርሎስ ስም «ቄሳርያ ካሮሊ» አላት። ቀጥሎ ወደ ሌይቴና ሳማር ደሴቶች ዞሮ የአልጋ ወራሹን የፊሊፔን ስም ሰጣቸው። አባት ያረጃል፣ ልጅ ይነግሣል። አልጋ ወራሹ ያን ጊዜ የአሥራ ስድስት ዓመት ጎረምሳ ነው። ሰያሚዎቹ በበኩላቸው የሚቀምሱት አጥተው አንጀታቸው ታጥፏል። ለጌታ የሚላክ ወርቅም ቅርንፉድም ሲጠፋ ስም ይላካል፤ እንዲህ የረከሰ እጅ መንሻ የት ይገኛል? መርከብ ላይ እንኳ ቦታ አይዝም። የሌይቴን ሰው «ስምህ ማን ነው?» ያለው ግን የለም።

ቪላሎቦስ ሹመቱን ሳያይ በፖርቱጋሎች እጅ ወድቆ በ1546 ሞተ። ስሙ ግን ተዛመተ። ስፔኖች በ1565 ሴቡ ደሴት ላይ ከሰፈሩ በኋላ ከ7,000 በላይ ደሴቶች የፊሊፔ ሞክሼ ሆኑ፤ የአባትየው ቄሳርያ ተረሳች። ፊሊፔ ራሱ በ1598 እስኪሞት አንዷንም አልረገጠም። በ1898 ስፔን ደሴቶቹን በ20 ሚሊዮን ዶላር ለአሜሪካ ስታስረክብ ስሙም እንደ ቤት ዕቃ አብሮ ተላለፈ።

ስሙን የመቀየር ሐሳብ አልጠፋም። ፕሬዚዳንት ፈርዲናንድ ማርቆስ (አባትየው) «ማሃርሊካ» ትባል ብለው ነበር፤ ፕሬዚዳንት የነበሩት ዱተርቴም በ2019 ነገሩን ቀሰቀሱት። ቃሉ ሲመረመር ሥሩ ሳንስክሪት ሆኖ ተገኘ። ከእንግዳ ሸሽቶ ሌላ እንግዳ ቤት!

ሕዝቡ ግን ማንንም ሳያስፈቅድ የራሱን አድርጓል። ነባሩ የታጋሎግ አፍ «ፍ» አያውቅም። የእኛ አያቶች ፖሊስን «ቦሊስ» እንዳሉት፣ እነርሱም የንጉሡን ስም በሚመቻቸው ጠምዝዘው አገራቸውን «ፒሊፒናስ» ይሏታል።

ያም ልጅ ቢሆን በአለቃው ስም የሚጠራው ትምህርት ቤት ብቻ ነው። ሰፈር ውስጥ ማሙሽ ነው።